መዳፍ፣ ከዚያም የእጅ ጀርባ

ለክቡር የወንጌል መልእክተኞች ማኅበር ዋና ጸሐፊ
ባሕር ማዶ

ጉዳዩ፦ «አልደረሱንም» ስላላችኋቸው አሥራ አራት የወረቀት ቅጠሎች

ክቡር ሆይ፣

በታላቅ አክብሮት እጅ እየነሣሁ ጤናዎን እጠይቃለሁ። ይህ ደብዳቤ ሲደርስዎ ጉልበትዎ የጽሕፈት ቤትዎን ደረጃ ያለ ድጋፍ የሚወጣ፣ የበሉት የሚስማማዎ፣ እንቅልፍዎም ያልተቆራረጠ እንዲሆን ከልብ እመኛለሁ። ለዓይንዎ ደግሞ ለብቻው ጸልዬለታለሁ። ከዚህ ቀደም የላክኋቸው ሦስት ደብዳቤዎች መልስ ያጡት ፊደሌ ደቅቆ ዓይንዎን ስላስቸገረ መሆን አለበት፤ እንደ እርስዎ ያለ ጨዋ ሰው የአንድን ሽማግሌ ደብዳቤ ጆሮ ዳባ ልበስ ይላል ብዬ ለማሰብ አስተዳደጌ አይፈቅድልኝም። የአሁኑን በጋዜጣ ያወጣሁትም ፖስታ መቅደድ እንዳያደክምዎ በማሰብ ነው።

እኔ መጽሐፍ ጠራዥ ነኝ። ማኅበርዎ በከተማችን ካቆመው ቤተ ክርስቲያን ግቢ ጥግ፣ ከድሮው ትምህርት ቤት ጋር ግድግዳ በምትጋራ ባለ አንድ መስኮት ክፍል ውስጥ አርባ አንድ ዓመት ስሰፋና ሳጣብቅ ኖሬአለሁ። ባለቤቴ ካረፈች ሦስት ዓመት ሆናት። ልጅ አልወለድንም። ከሥጋ ዘመድ የቀረችኝ አንዲት ታላቅ እህት ናት፤ እርሷም እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ናት፣ ቤቷም ከቤቴ የአምስት ደቂቃ መንገድ ነው፣ ነገር ግን ቃል ከተለዋወጥን ዓመት ከሁለት ወር አለፈን። ይህን የምዘረዝረው እንዲያዝኑልኝ አይደለም። የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌዎች «ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ብቸኝነት ጭንቅላቱን ነክቶታል» ብለው እንደጻፉልዎ ስለሰማሁ፣ ስለ በሽታዬ ያለዎት መረጃ የተሟላ እንዲሆን ብዬ ነው።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ከመነሻው ልናገር።

በቤተ ክርስቲያናችን አንድ ሥርዓት አለ። ምእመኑ ሊቆርብ ሲል ተሰልፎ ወደ ፊት ይሄድና በመጋቢው ፊት ሁለት እጁን ይዘረጋል። መጀመሪያ መዳፉን ያሳያል፣ ከዚያ ገልብጦ የእጁን ጀርባ ያሳያል። መጋቢው አይቶ ራሱን ይነቀንቃል፤ ሰውየውም ይቆርባል። ማኅበርዎ በዓለም ዙሪያ ካሉት አብያተ ክርስቲያናት መካከል ይህን የምናደርገው እኛ ብቻ ነን። መዳፍ የተቀበልነውን፣ የእጅ ጀርባ ደግሞ የሰጠነውን ያመለክታል እየተባልን ነው ያደግነው። በልጅነቴ «እግዚአብሔር የእጅ ጀርባ ምን ያደርግለታል?» ብዬ ጠይቄ መልሱን በኩርኩም አግኝቻለሁ። እህቴ በዚህ ሥርዓት ላይ ቀልድ አታውቅም ነበር። ከሁሉ ቀድማ የምትሰለፈው እርሷ ነበረች፤ እናታችን ስትሞት መናገር አቅቷት ስለነበር መዳፏን አሳየችን፣ ቀጥላ ጀርባውን አሳየችን፣ ከዚያ አረፈች። እህቴ ያንን እጅ ይዛ ነው ያለቀሰችው።

የዛሬ ሁለት ዓመት ገደማ ለመቶኛ ዓመት በዓላችሁ ሽር ጉድ ሲባል፣ መጋቢያችን የመጀመሪያውን የመዝሙር መጽሐፍ እንድጠግን አመጣልኝ። በዚያ ዘመን የሽፋን ካርቶን እንደ ልብ ስለማይገኝ፣ ጠራዦች የማይፈለግ ወረቀት ደራርበው በሙጫ እያጣበቁ ጠንካራ ሽፋን ይሠሩ ነበር። የፊተኛውን ሽፋን ምስጥ ስለጀመረው ለብ ያለ ውሃ ውስጥ ነክሬ ቅጠል በቅጠል ፈለቀቅሁት። አሥራ አራት ቅጠል ወጣ። ሁሉም ላይ ጽሑፍ ነበረ። የመጀመሪያውን ቅጠል ብርሃን ላይ ሳነሣ ሳላስበው «ነይና ተመልከቺ!» ብዬ ተጣራሁ፤ ባለቤቴ አንድ ነገር ሳገኝ ሁልጊዜ ከጓዳ እየመጣች ታይልኝ ነበር። ከተጣራሁ በኋላ ነው ማንም እንደሌለ ትዝ ያለኝ። ቅጠሎቹን ለብቻዬ አነበብኋቸው።

የጻፋቸው የማኅበርዎ የመጀመሪያ ሚሲዮናዊ ነው። በእናንተ ቋንቋ፣ በዚያ በድሮው የተቆላለፈ የእጅ ጽሑፋችሁ ነው የተጻፉት፤ እርሱን ለይቶ የሚያነብ በከተማችን ከእኔ ሌላ የለም፣ እኔንም ያስተማረኝ የእናንተው ትምህርት ቤት ነው። ዕድሜ ለማኅበርዎ! አንድ ሰው ማንበብ ካስተማሩ በኋላ የሚነበብ ነገር ትቶ መሄድ የጥንቃቄ ጉድለት ቢሆንም ምስጋናዬ ግን ሙሉ ነው። በየገጹ አራት ዓምድ አለ፦ የሰውየው መጠሪያ፣ መዳፉ፣ የእጁ ጀርባ፣ ቆረበ ወይስ አልቆረበም።

ከቤተ ክርስቲያኑ ኋላ ያለው ሜዳ በዚያን ጊዜ በሙሉ የቅኝ ገዥዎቹ ኩባንያ የቃጫ እርሻ ነበር። የቃጫ ቅጠል ጫፉ እሾህ ነው፤ ሲቆርጡት የእጅን ጀርባ ይቦጭራል፣ ጭማቂው ደግሞ መዳፍ ይልጣል። ሳምንቱን እርሻው ላይ የዋለን ሰው እጁን ያየ ያውቀዋል። በቅጠሎቹ ላይ «ቆስሏል» የተባለ ሁሉ ቆርቧል። «ንጹሕ» የተባለው፣ ማለትም እርሻው ላይ ያልዋለው፣ አልቆረበም፤ ከስሙ ጎን በቀይ ቀለም ምልክት አለ፣ የምልክቱም ትርጉም ከታች ተጽፏል፦ «ሰኞ ለአገረ ገዥው የተላለፈ»። እንግዲህ ክቡር ሆይ፣ ቅዱስ ብለን ለልጅ ልጅ ያወረስነው ሥርዓት ይህ ነው። ኩባንያው ሲሄድ እጅ መርማሪውም ሄደ፤ አያቶቻችን ግን እጃቸውን መዘርጋት አላቆሙም፣ ለልጆቻቸውም ምክንያቱን ለመናገር አፍረው ሆድ ይፍጀው አሉ። ልጆቹም የመሰላቸውን ትርጉም ሰጡት።

ከዚህ በመነሣት ቅሬታዎቼን፣ ወይም እርስዎ ደስ በሚልዎ አጠራር ምስጋናዎቼን፣ በቁጥር አቀርባለሁ።

አንደኛ፦ ስለ መጽሔቱ እጅግ አመሰግናለሁ። ለመቶኛ ዓመቱ ባሳተማችሁት መጽሔት ሽፋን ላይ ሁለት የተገለበጡ እጆች በደማቅ ቀለም ወጥተዋል። የእህቴ እጆች ናቸው። አውራ ጣቷ ላይ ያለውን ጠባሳ አውቀዋለሁ፤ በልጅነታችን በወረቀት መቁረጫ ቢላዋ ስጫወት ያቆሰልኳት እኔ ነኝ። ከሥሩ «የአንዲት አማኝ እጆች» ይላል። ውስጥ ገጽ ላይ ደግሞ ሥርዓቱ «ሕዝቡ ከገዛ ባህሉ አፍልቆ ለመላው ቤተ ክርስቲያን ያበረከተው ስጦታ» ተብሎ ተሞግሷል፣ በሌሎች አገሮችም እንዲለመድ ሐሳብ ቀርቧል። አያቶቻችንን በግድ ያስለመዳችሁትን ከእኛ እንደተማራችሁት አድርጋችሁ ስትጽፉ ከትሕትና ሌላ ምን ይባላል! አንድ ምክር ብቻ ልጨምር፦ ሥርዓቱን ልታስለምዱ ባሰባችሁባቸው አገሮች በቅርብ ርቀት የቃጫ እርሻ መኖሩን አስቀድማችሁ አረጋግጡ፤ ያለ እርሱ ነገሩ ሙሉ አይሆንም።

ሁለተኛ፦ ስለ ፖስታው። ሙያውን ያስተማረኝ ሰው አንድ ደንብ ሰጥቶኛል። ከመጽሐፍ ውስጥ የወጣ ነገር፣ ፎቶግራፍ ይሁን የደረቀ አበባ ወይም የፍቅር ደብዳቤ፣ ለመጽሐፉ ባለቤት ይመለሳል፤ ጠራዥ አያስቀርም፣ ለራሱም አይቀዳም። የመዝሙር መጽሐፉ የመጀመሪያ ገጽ ላይ «የማኅበሩ ንብረት» የሚል ማኅተም አለ። የሽማግሌዎቹ ሰብሳቢ፣ ጡረታ የወጣው የባቡር ጣቢያ ኃላፊ፣ ቅጠሎቹን ባነበብኩላቸው ቀን «ወንድሜ፣ ይሄ ነገር ባለቤቶቹ ጋ ይሂድና ይመርመር፤ እኛ ምን እናውቃለን?» አለ። እኔም ደንቤን ጠብቄ፣ እያንዳንዱን ቅጠል በስስ ወረቀት ጠቅልዬ፣ በሁለት ካርቶን መሐል አድርጌ በአደራ ደብዳቤ ላክሁልዎ። ቅጂ አላስቀረሁም። ይህን ስህተት ከጠራዥ በቀር ማንም እንደማይሠራው አውቃለሁ፤ የሰማኝ ሁሉ ግንባሩን ይመታል።

መልስዎ ለእኔ ሳይሆን ለሽማግሌዎቹ መጣ። «ከጠራዡ የደረሰን መልካም የሰላምታ ደብዳቤ ብቻ ነው፤ የተባሉት ገጾች በመዝገብ ቤታችን የሉም» ይላል። የፖስታ ቤቱ ደረሰኝ እጄ ላይ አለ፤ ክብደቱ ሦስት መቶ አሥር ግራም ተብሎ ተጽፏል። ሰላምታዬ ይህን ያህል እንደሚመዝን አላውቅም ነበርና ኮርቻለሁ። ቅጠሎቹ ግን የውሃ ሽታ ሆነው ቀሩ።

ሦስተኛ፦ ይህን ለጊዜው እዘለዋለሁ፤ እመለስበታለሁ።

አራተኛ፦ በዚያው መልስዎ «ማኅበራችን በቅኝ ገዥው አስተዳደርም ሆነ በኩባንያው ሥራ ድርሻ አልነበረውም፤ የነበረው ጉርብትና ብቻ ነው» ብለዋል። ጉርብትና ጥሩ ነገር ነው። እኔም ጎረቤት አለኝ፤ መሰላል ያውሰኛል፣ መቀስ አውሰዋለሁ። የእናንተ ጉርብትና ግን ከዚህ ጠለቅ ያለ ነበር። ደወሉ አንድ ነበር፤ እሑድ ለእናንተ ይደወላል፣ ስድስቱን ቀን ለኩባንያው። አገረ ገዥው ፊተኛው ወንበር ላይ ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ይቀመጥ ነበር ብሎ አባቴ ነግሮኛል። እናንተ የስም ዝርዝር ታውሱታላችሁ፣ እርሱ ዘበኛ ያውሳችኋል። መሰላል የተዋዋሰ ማንም የለም።

እዚህ ላይ እንዳይሳሳቱብኝ እፈራለሁ። እኔ አማኝ ነኝ፤ የከሰስሁት ክርስቶስን አይደለም። እርሱ ራሱ በአገረ ገዥ እጅ ያለፈ ሰው ነው። እንዲያውም አስቤ አስቤ አንድ ነገር ገርሞኛል። ጌታችን ከትንሣኤው በኋላ ለደቀ መዛሙርቱ የቆሰለ እጁን አሳይቷል፤ በሚሲዮናዊው መዝገብ መሠረት እንዲያ ሆኖ ቢመጣ ያለ ችግር ይቆርብ ነበር። ከስቅለቱ በፊት ቢመጣ ግን፣ የቃጫ እሾህ ያልነካው እጁን ይዞ፣ ሰኞ ጠዋት ለአገረ ገዥው ይተላለፍ ነበር። ይህን ሐሳብ ለመጋቢያችን ነግሬው ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ሲያየኝ መንገድ ይሻገራል።

ሚሲዮናዊውንም ቢሆን አልጠላውም። በዘጠነኛው ቅጠል ኅዳግ ላይ፣ ከቀረው ጽሑፍ ባነሰ ፊደል እንዲህ ብሏል፦ «ዝርዝሩ ካልቀረበ ትምህርት ቤቱ ይዘጋል አሉኝ። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።» ያቺን መስመር ደጋግሜ አነበብኋት። አባቴ ፊደል የቆጠረው በዚያ ትምህርት ቤት ነው፣ እኔም። እኔ ማንበብ የቻልኩት እነዚያ ሰዎች እጃቸው ተመርምሮ ነው ማለት ነው። ስለዚህ ከፍርዱ ራሴንም አላወጣሁም። ነገር ግን ያ ሰው ቢያንስ አፍሮበታል፤ ሰላሳና አርባ ፎቅ... ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ የሕንፃዎን ቁመት በትክክል አላውቀውም፤ እዚያ ላይ የተቀመጠው ጽሕፈት ቤትዎ ግን መቶ ዓመት ሙሉ አንድ ጊዜ እንኳ እንዳፈረበት የሚያሳይ ወረቀት አላየሁም። ምናልባት እርሱም በመዝገብ ቤት የለም።

አምስተኛ፦ ስለ ዕረፍቴ አመሰግናለሁ። መልስዎ ከመጣ ወዲህ ሥራ የሚያመጣልኝ የለም። ትምህርት ቤቱ ደብተሮቹን ወደ ሌላ ሰው ወሰደ፣ ዘማሪዎቹም መጽሐፋቸው ገጽ ሲያረግፍ በፕላስተር እየለጠፉ ይዘምራሉ። ቤተ ክርስቲያን እሄዳለሁ፤ የኋለኛው አግዳሚ ወንበር ላይ ጥግ ይዤ እቀመጣለሁ፣ ወንበሩ ስድስት ሰው ይይዛል፣ አምስቱ ቦታ ባዶ ነው። ሰው ይጠላኛል ማለቴ አይደለም፤ ሰላምታ ይሰጡኛል። ግን «እንዴት ነህ?» ብለው መልሱን ሳይሰሙ ያልፋሉ። እጅ ሲዘረጋ ማየት ስለማልችል ቁርባኑ ሲቀርብ ሹልክ ብዬ እወጣለሁ። ቤቴ ስደርስ ልብሴን እንኳ ሳልቀይር የመጽሐፍ መጭመቂያውን አጠብቀዋለሁ፣ መልሼም አላላዋለሁ፤ በመሐሉ ምንም የለም። አንዳንድ ቀን ማታ ላይ ድምፄ ሲወጣ ሻክሮብኝ እደነግጣለሁ፤ ከጠዋት ጀምሮ ከማንም ጋር እንዳላወራሁ የማውቀው ያኔ ነው። ሰው ናፈቀኝ፣ ክቡር ሆይ። ይህን ለመጻፍ አላፍርም።

ስድስተኛ፦ ስለ ጭንቅላቴ። ብቸኝነት ጭንቅላቴን ነክቶት ከቅጠሎቹ ያነበብሁላቸውን ከራሴ እንደፈጠርሁት ሽማግሌዎቹ ያምናሉ። የነገሩን ቅደም ተከተል ግን በአክብሮት አስተካክላለሁ፤ ቅጠሎቹ ቀደሙ፣ ብቸኝነቱ ተከተለ።

አሁን ወደ ሦስተኛው እመለሳለሁ። የዘለልሁት ስለሚከብደኝ ነው።

ለሽማግሌዎቹ ባነበብኩ ቀን እህቴም ነበረች፤ የሴቶቹ አንጋፋ እንደመሆኗ ጠርተዋት ነው። ገና ሦስተኛው ቅጠል ላይ ስደርስ ነጠላዋን ሰብስባ ተነሣች። አላየችኝም። በሩን እንኳ ቀስ አድርጋ ነው የዘጋችው፤ ወርውራ ብትዘጋው ይሻለኝ ነበር። በማግሥቱ ቤቷ ሄድሁ። ከውስጥ ሆና «ሂድ፤ ዛሬ ከማንም ጋር አላወራም» አለችኝ። «እታለም፣ የቀረውን አልሰማሽም፤ ስለ አያታችን ነው» አልኋት። በሩን አልከፈተችልኝም። በሳምንቱም ሄድሁ፣ በወሩም፤ ከዚያ የእናንተ መልስ መጣ፣ እኔም ውሸታም ተባልሁ፣ ውሸታም ሆኜ ደግሞ ደጇ መቆም አቃተኝ።

ያልሰማችው ይህ ነው። ከአሥራ አንደኛው እስከ አሥራ አራተኛው ቅጠል ላይ «አዋላጇ» የተባለች ሴት አለች። በዚያ ዘመን በመንደሩ የነበረችው አዋላጅ አንዲት ብቻ ናት፣ እርሷም የእናታችን እናት ናት። አሥራ አንድ እሑድ በተከታታይ ተጽፋለች። መዳፍ፦ ንጹሕ። የእጅ ጀርባ፦ ንጹሕ። አልቆረበችም። አሥራ አንድ ጊዜ ቀዩ ምልክት አለባት። የተላጠ እጅ የሰው ልጅ አይቀበልም፤ አራስ ያረሰ ሰው ይህን ያውቀዋል። ቃጫ አልቆርጥም ብላለች ማለት ነው። መቅረት ትችል ነበር፤ ቤቷ ብትውል ማን እጇን ያያል? እርሷ ግን በየእሑዱ ተሰልፋ፣ እንደማይሰጧት እያወቀች፣ ንጹሕ እጇን ዘርግታ አሳይታቸዋለች፣ ገልብጣም አሳይታቸዋለች። ሰኞ ስሟ ከተላለፈ በኋላ፣ ማክሰኞ ማክሰኞ ምን እንደደረሰባት ቅጠሉ አይናገርም።

ይህን ለእህቴ ልነግራት እፈልጋለሁ። እናታችን እጅ መዘርጋትን የተማረችው ከማን እንደሆነ፣ እርሷም ያን ሁሉ ዓመት ስትዘረጋ የኖረችው የማንን እጅ እንደሆነ እንድታውቅ እፈልጋለሁ። ሰባ ስድስት ዓመቷ ነው፤ እኔም ልጅ አይደለሁም። ጊዜ የለንም። ከእኔ አፍ ግን አትሰማውም፤ ውሸታም የነገራትን አያቷን አትቀበልም።

ስለዚህ ከክቡርነትዎ የምጠይቀው አንድ መስመር ነው። ይቅርታ አልጠየቅሁም፣ ካሣ አልጠየቅሁም፣ መጽሔቱም ይቆይላችሁ። «ጠራዡ የላካቸው ገጾች እኛ ዘንድ አሉ» የሚል አንድ መስመር፣ ማኅተም ተደርጎበት፣ በእህቴ አድራሻ እንዲላክልኝ ብቻ ነው። ቀለሙ ያለቀባችሁ እንደሆነ ከእኔ ዘንድ ጥቁርም ቀይም አለ።

ለማኅበርዎ ሁለተኛ መቶ ዓመት፣ ለጽሕፈት ቤትዎ ሰፊ መደርደሪያ፣ ለመዝገብ ቤት ሠራተኞችዎ ጥሩ ማስታወስ፣ ለእርስዎም ደግሞ ደጅዎን የሚያንኳኳ ወዳጅ የማያጡበት እርጅና እየተመኘሁ፣ ባርኔጣዬን አውልቄ፣ እስከ ወገቤ ጎንበስ ብዬ እሰናበታለሁ።

የመዝሙር መጽሐፍዎን ሳያስከፍል የጠገነ፣
ንብረትዎን ሳያስቀር የመለሰ፣
በጽሕፈት ቤትዎ ዘንድ የሰላምታው ክብደት የታወቀለት

ጠራዡ

ማስታወሻ፦ ደብዳቤውን ፈርሜ ወደ ጋዜጣው ልወስደው ስል፣ ትናንት ከሰዓት በኋላ እህቴ ሳታንኳኳ ገባች። ሽማግሌዎቹ ዳግመኛ ልጽፍልዎ እንደሆነ ነግረዋት ነው። ቆማ «ምን ልትጠይቃቸው ነው?» አለችኝ። «ገጾቹ እውነት መሆናቸውን እንዲያረጋግጡልሽ፤ እንድታምኚኝ» አልኋት።

«አንተ ሞኝ!» አለች፣ «ውሸት ቢሆንማ በማግሥቱ መጥቼ እጮህብህ ነበር።»

ቅጠሎቹን ካነበብሁባት ቀን ጀምሮ አልቆረበችም። ሰልፉ ሲጀመር ፊተኛው ወንበር ላይ እጇን ብብቷ ውስጥ አድርጋ ቁጭ ትላለች፤ ቀድሜ ባልወጣ ኖሮ አየው ነበር። ስለ አያታችን ነገርኋት። ሳታቋርጠኝ ሰማችኝ፣ ሁለት ጊዜም አስደገመችኝ፣ ከዚያ «እማዬ ይህን ሳትሰማ ሞተች» ብላ አለቀሰች። እኔም አለቀስሁ። ዓመት ከሁለት ወር ሙሉ፣ በአምስት ደቂቃ መንገድ ርቀት፣ ሁለታችንም አንድ ነገር እያመንን ለየብቻችን ተቀምጠን ኖረናል።

ስለዚህ ያቺን አንድ መስመር ከመጻፍ ድካም አሳርፌዎታለሁ። ሽማግሌዎቹም ዛሬ ጠዋት እህቴ ስታናግራቸው ቀና ብለው ማየት አልቻሉም። እንግዲህ ገጾቹ መኖራቸውን የማያምን የቀረው የእርስዎ ጽሕፈት ቤት ብቻ ነው፤ ገጾቹም ያሉት እዚያው ነው።